በእንቅልፍ ልቤ ያደረግሁት ነገር ኃጢአት ነውን?

ዛሬ በመድረክ ላይ ብዙ የማይነሣ፣ በየቤታችን ግን ሌሊት ሌሊት የሚነሣ አንድ ጥያቄ ይዤላችሁ ቀርቤአለሁ። ሰው ተኝቶ ሳለ ላደረገው ነገር በእግዚአብሔርና በሰው ፊት ተጠያቂ ነውን?

ጥያቄው የትምህርት ቤት ክርክር ይመስላል፤ ግን አይደለም። በእንቅልፍ ልቡ ሚስቱን በቡጢ የመታ ባል አለ፤ ሲነቃ ፊቷ አብጦ ያያል። ሌሊት ተነሥታ ምድጃ ለኩሳ የምትበላ፣ ጠዋት ግን የቆሸሸውን ድስት አይታ «ማን ነው የበላው?» የምትል እህት አለች። ልጃቸው እኩለ ሌሊት ላይ ዐይኑን አፍጥጦ ሲጮኽ፣ ሲያቅፉት ደግሞ የማያውቃቸው የሚመስል፣ ግራ የተጋቡ ወላጆች አሉ። ደረቱ ላይ አንድ ነገር ተቀምጦበት፣ መጮኽ እየፈለገ ድምፅ ያጣ፣ በአገራችን ቋንቋ ዱካክ የተጫነው ወጣት አለ።

እነዚህ ሰዎች በአብዛኛው ለማንም አይናገሩም፤ ገመና ነውና። ያቺ ሚስት ለሐኪም ብትናገር «ባልሽ ይደበድብሻል» ተብሎ ፖሊስ እንዳይጠራ ትፈራለች። በቤተ ክርስቲያን ብትናገር ደግሞ «ባሏ ጋኔን አለበት» እንዳይባል ትፈራለች። ስለዚህ ሰንበሩን በሜካፕ ሸፍና እሑድ ትመጣለች። እርሱም ከፊት ለፊቷ ተቀምጦ፣ እጁን አንሥቶ ለመዘመር እያፈረ ይውላል። ይህን መልእክት የማቀርበው በተለይ ለእነዚህ ሁለት ሰዎች ነው።

እንቅልፍ አንድ ወጥ ነገር አይደለም

ከመፍረዳችን በፊት እንወቅ። ብዙዎቻችን እንቅልፍን እንደ መብራት እናስበዋለን፤ ሰው ሲተኛ ይጠፋል፣ ሲነቃ ይበራል። አንጎላችን ግን ሌሊቱን ሙሉ በግምት በየ90 ደቂቃው እየዞረ በተለያዩ ደረጃዎች ያልፋል። በሌሊቱ መጀመሪያ ላይ ጥልቁ እንቅልፍ ይበዛል። ወደ ንጋት ሲቃረብ ሕልም የሚበዛበት፣ ዐይን ከሽፋኑ ሥር ፈጥኖ የሚንቀሳቀስበት እንቅልፍ ይረዝማል። ይህን የሕልም እንቅልፍ እ.ኤ.አ. በ1953 የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ለዓለም አሳወቁት፤ ሐኪሞች በእንግሊዝኛ ምሕጻሩ «ሬም» ይሉታል።

አሁን ልብ በሉ። አንዳንድ ሰው ከጥልቁ እንቅልፍ የሚነቃው በግማሹ ነው። የሚያራምደውና በር የሚያስከፍተው የአንጎሉ ክፍል ይነቃል፤ የሚያመዛዝነውና የሚያስታውሰው ክፍል ግን እንደ ተኛ ይቀራል። አማርኛችን ይህን በሁለት ቃል ይገልጸዋል፤ «በእንቅልፍ ልቡ» እንላለን። እግሩ ነቅቷል፤ ልቡ ግን የእንቅልፍ ልብ ነው። ይህ ነገር በልጆች ላይ የተለመደ ነው፤ በዘርም ይወርዳል። ትኩሳት፣ የእንቅልፍ እጦት፣ ጭንቀትና መጠጥ ይቀሰቅሱታል። ያ በሌሊት የሚጮኸው ልጅም ከዚሁ ወገን ነው። እናንተን አስደንግጦ እርሱ ጠዋት ምንም ሳያስታውስ ቁርሱን ይበላል። አብዛኞቹ ልጆች ሲያድጉ ይተዋቸዋል።

ሁለተኛው ዓይነት በሕልሙ እንቅልፍ ውስጥ ያለ ነው። ሕልም በምናይበት ጊዜ ከአንጎላችን ግንድ የሚወጣ ትእዛዝ የሰውነታችንን ጡንቻዎች ያስራል። ዐይናችንና የምንተነፍስበት ጡንቻ ሥራቸውን ይቀጥላሉ፤ እጅና እግር ግን ዝም ይላሉ። በሕልማችን ስንሮጥ አልጋው ላይ የማንሮጠው ስለዚህ ነው። ፈረንሳዊው ሚሼል ዡቬ በድመቶች ላይ ባደረገው ምርምር ይህ የአንጎል ክፍል ሲጎዳ ድመቷ ተኝታ ሳለ ተነሥታ እንደምታድን አሳየ። እ.ኤ.አ. በ1986 ደግሞ ብዙ ወገኖቻችን በሚኖሩባት በሚኒያፖሊስ ከተማ ካርሎስ ሼንክና ማርክ ማሆዋልድ የተባሉ ሐኪሞች ከነባልደረቦቻቸው ይኸው ነገር በሰው ላይ እንደሚደርስ ጻፉ። ማሰሪያው የላላበት ሰው ሕልሙን በአልጋው ላይ ይኖረዋል። አውሬ ወይም ወንበዴ መጥቶበታል፤ እርሱ ራሱን ወይም ቤተሰቡን ይከላከላል። ቡጢው የሚያርፈው ግን አጠገቡ በተኛችው ሚስቱ ላይ ነው። በሽታው የሚበዛው ዕድሜያቸው ከ50 ባለፈ ወንዶች ላይ ነው። እነዚህ ሰዎች በቀን ሕይወታቸው ከሌላው ሰው ይልቅ ቁጡዎች አይደሉም።

ዱካክ ደግሞ የዚህ ተቃራኒ ነው። እዚያ ማሰሪያው ያለ ጊዜው ይፈታል፤ እዚህ አእምሮ ነቅቶ ማሰሪያው ሳይፈታ ይቆያል። ሰውየው ክፍሉን ያያል፤ መንቀሳቀስ ግን አይችልም። የሕልሙ ርዝራዥ ስላልለቀቀው አንድ ሰው በክፍሉ ውስጥ የቆመ፣ ደረቱ ላይ የተቀመጠ ይመስለዋል። በካናዳዋ ኒውፋውንድላንድ «አሮጊቷ» ይሉታል፤ በጃፓን «ካናሺባሪ»፤ በባሕረ ሰላጤው አገሮች ያላችሁ ዐረቦቹ «ጃሱም» ሲሉ ሰምታችሁ ይሆናል። ስሙ በየአገሩ ይለያያል፤ ሰው ሁሉ የሚናገረው ግን አንድ ዓይነት ነገር ነው። እንቅልፍ ያጣ፣ ፈረቃው የሚቀያየርበት፣ በጀርባው የሚተኛ ሰው በብዛት ያገኘዋል። ጫት ያቆሙ ሰዎችም በዱካክ እንደሚቸገሩ ከአገር ቤት የመጣችሁ ታውቃላችሁ።

ፈቃድ በሌለበት

እንግዲህ ወደ ጥያቄያችን እንግባ። እ.ኤ.አ. በግንቦት 1987 በካናዳ ቶሮንቶ አካባቢ ኬኔት ፓርክስ የተባለ የ23 ዓመት ወጣት ቤቱ ተኝቶ ሳለ ተነሣ፤ መኪናውን አስነሥቶ 23 ኪሎ ሜትር ያህል ነዳ፤ ወደ ሚስቱ ወላጆች ቤት ገባ። አማቱን ገደላት፤ የሚስቱን አባት ክፉኛ አቆሰለው። ከዚያ እጁ ተቆራርጦ ደም እያፈሰሰ ፖሊስ ጣቢያ ሄደና ሰው የገደለ እንደሚመስለው ተናገረ። ከአማቶቹ ጋር ጠብ አልነበረውም፤ ይዋደዱ ነበር። በቁማር ዕዳ ተጨንቆ እንቅልፍ አጥቶ ነበር፤ በቤተሰቡም ውስጥ በእንቅልፍ ልብ የሚነሡ ነበሩ። የእንቅልፍ ሐኪሞች መርምረው ሲመሰክሩ፣ ፍርድ ቤቱ በነጻ ለቀቀው። በ1992 የካናዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም ነጻ መለቀቁን አጸና።

ብዙዎቻችሁ ይህን ስትሰሙ ውስጣችሁ ይከራከራል። «ሴትየዋ ሞታ የለም እንዴ? ደሟስ?» ትላላችሁ። ክርክሩ ተገቢ ነው። ግን እስቲ የሙሴን ሕግ ተመልከቱ። ሁለት ሰዎች እንጨት ሊቆርጡ ወደ ዱር ይሄዳሉ፤ የምሳሩ ብረት ከእጀታው ወልቆ ባልንጀራውን ይገድለዋል። በዘዳግም 19 እግዚአብሔር ይህን ሰው ነፍሰ ገዳይ አይለውም። በልቡ ጥላቻ አልነበረምና ወደ መማጸኛ ከተማ ሸሽቶ እንዲድን መንገድ ይከፍትለታል። የሰማይም የምድርም ፍርድ እዚህ ላይ ይገናኛሉ፤ ፈቃድ በሌለበት ወንጀል የለም።

አውግስጢኖስም በዚህ ጥያቄ ተፈትኗል። «ኑዛዜ» በተባለው መጽሐፉ በዐሥረኛው ክፍል፣ በቀን የካደው የቀድሞ ምኞት በሌሊት በሕልሙ ሲመጣ እንደሚሸነፍለት ለእግዚአብሔር ይናገራል። ታዲያ በዚያን ጊዜ እኔ እኔ አይደለሁምን ብሎ ይጠይቃል። ሲነቃ ግን ኅሊናው ሰላም ያገኛል፤ ነገሩ በእርሱ ውስጥ ሆነ እንጂ እርሱ አላደረገውምና። መሆኑን ግን ያዝንበታል። ይህን ልዩነት ያዙልኝ፤ በእኔ የሆነ ነገርና እኔ ያደረግሁት ነገር አንድ አይደሉም።

ስለዚህ በእንቅልፍ ልብህ ሚስትህን የመታህ ወንድሜ ሆይ፣ ያ ቡጢ የተደበቀ ጥላቻህ ገልጦ ያወጣው ነው ብለህ ራስህን አትክሰስ። ሌሊት ስትታገል የነበረው ከአውሬ ጋር ነው። የእንቅልፍ ልብህ የልብህ ምስጢር አይደለም።

ንስሐ፣ ኀዘንና ጥንቃቄ

ነገር ግን እዚህ ላይ ብናቆም ግማሽ እውነት ይዘን ወደ ቤታችን እንሄዳለን። ያ ምሳሩ የወለቀበት ሰው ነፍሰ ገዳይ አልተባለም፤ ቢሆንም እንደ ወትሮው እንጨቱን ተሸክሞ ወደ ቤቱ አልተመለሰም። ኑሮውን ትቶ ወደ መማጸኛው ከተማ ሄደ፤ ሊቀ ካህናቱ እስኪሞትም ድረስ በዚያ ተቀመጠ። ለምን? ሰው ሞቷል፤ አንዲት እናት ልጇን ቀብራለች። በደል የሌለበትም ጉዳት ጉዳት ነው።

እኛ አንድ ክፉ ልማድ አለን፤ ጥፋተኛ ካልሆንን ምንም እንደማይመለከተን እናስባለን። ወይ ንስሐ እንገባለን ወይ እጃችንን እንታጠባለን። በሁለቱ መካከል ግን ኀዘን የሚባል ቦታ አለ። ባል ሚስቱን «ተኝቼ ነበር፣ ምን ላድርግ?» ቢላት እውነት ተናግሯል፤ ፍቅር ግን አልተናገረም። «አላወቅሁም፤ ግን እጄ አቆሰለሽ፤ በጣም አዝናለሁ፤ ዛሬ ሌሊት እንዳይደገም ምን እናድርግ?» ቢላት ኃጢአት አልተናዘዘም፤ ባልነቱን ግን ተወጥቷል። ንስሐ ስላደረግነው ነው፤ ኀዘን ስለሆነው ነው፤ ጥንቃቄ ደግሞ ስለሚመጣው ነው።

ስለ ጥንቃቄው የሚናገር ሌላ ሕግ አለ። በዘጸአት 21 አንድ በሬ ሰው ወግቶ ቢገድል በሬው ይገደላል፤ ባለቤቱ ግን ነጻ ነው። በሬው ቀድሞም ተዋጊ ከነበረ፣ ለባለቤቱም ተነግሮት ካልጠበቀው ግን ባለቤቱ ይጠየቃል። በሬው ያው በሬ ነው። የተለወጠው የባለቤቱ ማወቅ ነው።

ወገኖቼ፣ የጥያቄያችን መልስ ያለው እዚህ ነው። የመጀመሪያው ሌሊት አይጠየቅብህም። ካወቅህ በኋላ ያለው ቀን ግን ይጠየቅብሃል። ተኝተህ ስላደረግኸው ሳይሆን፣ ነቅተህ ስላላደረግኸው ትጠየቃለህ። በካናዳው ፍርድ ላይም ከዳኞቹ አንዳንዶቹ ያሳሰባቸው ይኸው ነበር፤ ሰውየው ጥፋተኛ አይደለም፣ ግን እንዳይደገም ማን ይጠብቃል?

ታዲያ መጠበቅ ማለት ምንድን ነው? በሬውን ማሰር የሚጀምረው ከቀላሉ ነው። ከአልጋው አጠገብ ሹል ነገርና መስታወት ይነሣ። በተለይ በአሜሪካ ያላችሁ፣ በትራስ ሥር ወይም በኮመዲኖ ውስጥ የጦር መሣሪያ የምታስቀምጡ ካላችሁ፣ ዛሬውኑ ከመኝታ ክፍል ይውጣ። ችግሩ በሕክምና እስኪያዝ ድረስ ባልና ሚስት በተለያየ አልጋ ቢተኙ የትዳር መፍረስ አይደለም፤ የፍቅር ሥራ ነው። በፎቅ ላይ የምትኖሩና ልጃችሁ በእንቅልፍ ልቡ የሚነሣ ከሆነ መስኮቱንና የውጭውን በር በሚገባ ዝጉ። ሲነሣ አትጩኹበት፣ አታናውጡት፤ እጁን ይዛችሁ በቀስታ ወደ አልጋው መልሱት።

መድኃኒትንም እንመልከት። ዞልፒደም፣ ብዙዎቻችሁ አምቢየን በሚለው ስሙ የምታውቁት፣ ሰው ተኝቶ ሳለ እንዲነዳና እንዲያበስል ሊያደርግ ይችላል። ለሞት ያበቃበትም ጊዜ ስላለ የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት ባለሥልጣን እ.ኤ.አ. በ2019 በእርሱና በመሰሎቹ ላይ ጠንካራውን ማስጠንቀቂያ አኑሯል። አንድ ጊዜ እንዲህ ያለ ነገር ከደረሰባችሁ ሳትዘገዩ ለሐኪማችሁ ንገሩ። አንዳንድ የድብርት መድኃኒቶችም በሕልም መታገልን ያነሣሣሉ፤ ይሁንና ሐኪም ሳያማክር ማንም በድንገት እንዳያቆም።

ሐኪም ጋር ስትሄዱ ደግሞ እውነቱን ሁሉ ንገሩት። ከሌሊቱ በስንት ሰዓት ይሆናል? ሲነቃ ሕልሙን ያስታውሳል ወይስ ምንም አያውቅም? ያንኮራፋል? ትንፋሹስ ቀጥ ይላል? በእንቅልፍ ትንፋሽ የሚቋረጥበት ሰው እየባነነ የሚታገል ሊመስል ይችላልና። ሚስቲቱ በስልኳ ብትቀርጸው ሐኪሙን በጣም ትረዳዋለች። ቁርጡን የሚለየው ግን ሌሊቱን በምርመራ ክፍል ማደር ነው፤ የአንጎሉን ሞገድ፣ የጡንቻውንና የትንፋሹን ሁኔታ ይለካሉ። አንዳንዱ በሜላቶኒን ይረዳል፤ አንዳንዱ ሌላ መድኃኒት ያስፈልገዋል።

አንድ ከባድ ነገርም አልሸሽጋችሁም። በዕድሜ ከገፉ በኋላ ሕልማቸውን በአልጋ ላይ ከሚኖሩት መካከል ብዙዎቹ ከዓመታት በኋላ ፓርኪንሰን ወይም ከእርሱ ጋር የሚዛመድ የመርሳት ሕመም ያገኛቸዋል። ይህን የምናገረው ላስፈራራችሁ አይደለም። «ሌሊት የመታኝ ነገር ነው፣ ያልፋል» ተብሎ አሥር ዓመት የሚደበቅ ገመና እንዳልሆነ እንድታውቁ ነው።

«ተኝቼ ነበር» መሸሸጊያ አይሁን

እህቶቼ፣ ይህን ደግሞ ለእናንተ እናገራለሁ። ነቅቶ የሚመታ ሰው የእንቅልፍ በሽተኛ አይደለም። በእንቅልፍ የሚታገል ሰው ስትቀሰቅሱት ይተዋል፤ ይደነግጣል፣ ያዝናል፣ እንዲታከም ስትለምኑት እሺ ይላል። በቀን የሚሳደብ፣ ስልክ የሚነጥቅ፣ የሚያስፈራራ፣ ከዚያም ሌሊት የሆነውን «በእንቅልፍ ልቤ ነው» የሚል ሰው ግን ሌላ ነገር አለው። እርሱን ሌሊቱ አይደለም የሚገልጠው፤ ቀኑ ነው። በዚህ ትምህርት ተመክታችሁ እንዲህ ባለ ቤት ውስጥ ዝም ብላችሁ እንድትኖሩ አልፈልግም። የምትታመኑበት ሰው ጋ ሂዱ፤ የሕግ ጥበቃም ጠይቁ።

ጋኔን ነውን?

«ፓስተር፣ ይህ ሁሉ መንፈሳዊ ነገር አይደለም ወይ?» የምትሉኝ አላችሁ። እኔ በጸሎት አምናለሁ፤ ስለ እንቅልፋችሁም ጸልዩ። ግን እያንዳንዱን የሌሊት ነገር ጋኔን ብለን ስንሰይም ሁለት ጉዳት እናደርሳለን። በሽተኛውን ከሕክምና እናዘገየዋለን። ከዚያ በላይ ደግሞ ሸክም እንጨምርበታለን፤ ልጁ «እኔ ውስጥ ክፉ ነገር አለ» ብሎ ያድጋል፤ ባልየው ተጸልዮለት ዳግመኛ ሲታገል እምነት ጎደለው ይባላል። በዱካክ የሚሠቃይ ሰው ደግሞ ፍርሃቱ እንቅልፉን ይነሣዋል፤ እንቅልፍ ማጣቱም ዱካኩን ያመጣበታል። ሉቃስ ሐኪም ነበር፤ ጳውሎስም «የተወደደው» ይለው ነበር እንጂ በእምነት የደከመ አላለውም።

አንዳንድ ጊዜ መንፈሳዊ መልሱ ራሱ እንቅልፍ ነው። ኤልያስ ሞትን ሲለምን እግዚአብሔር በመጀመሪያ ስብከት አላመጣለትም፤ አስተኛው፣ አበላው፣ እንደ ገና አስተኛው። በመካከላችን ሌሊት ታክሲ ነድቶ ጠዋት መጋዘን የሚገባ አለ። በሰው ቤት ሠርታ ሰው ሁሉ ከተኛ በኋላ የምትተኛ፣ ሰው ሁሉ ሳይነቃ የምትነሣ እህት አለች። እነዚህን ሰዎች «ለምን ትቃዣለህ?» ከማለት በፊት «ስንት ሰዓት ተኛህ?» ብለን እንጠይቃቸው።

ወርዶ ማቀፍ

በሐዋርያት ሥራ 20 አውጤኪስ የሚባል ወጣት ጳውሎስ እስከ እኩለ ሌሊት ሲያስተምር በመስኮት ተቀምጦ ሳለ እንቅልፍ ጣለውና ከሦስተኛው ደርብ ወደቀ። ጳውሎስ ምን አደረገ? «በስብከቴ መካከል ለምን ተኛ?» ብሎ አልመረመረም። ወርዶ አቀፈው። ቤተ ክርስቲያን እንዲህ ትሁን። አንድ ቤተሰብ የሌሊቱን ገመና ሊያወራን ሲመጣ፣ ፊታችንን ሳንለውጥ፣ ለሌላ ሰው ሳንናገር፣ ወርደን እንቀፍ። ካስፈለገም አስተርጓሚ ሆነን ወደ ሐኪም አብረን እንሂድ።

ዛሬ ማታ ከመተኛታችሁ በፊት፣ ለረጅም ጊዜ የተደባበቃችሁት ነገር ካለ፣ ባልና ሚስት ተቀምጣችሁ ተነጋገሩ። ማንም ማንንም አይክሰስ። መሣሪያው ከክፍሉ ይውጣ፤ ቀጠሮው ይያዝ። ከዚያ በኋላ ጸልዩና ተኙ። የማይተኛው ጠባቂያችን ሌሊታችሁን ይጠብቅላችሁ። ተባረኩ።